ከሥራ ከተባረሩ በኋላ ትልቁን ሥራ የጀመሩት መምህርት

ባለፈው ዓመት ልጄ ሁለተኛ ልጇን ስትገላገል ላርሳት ብዬ አትላንታ ከርሜ ነበር። ገንፎና አጥሚቱን እየሠራሁ፣ ሕፃኑን እያጠብኩ ሳለሁ የዘጠኝ ዓመቷ የልጅ ልጄ የቤት ሥራ ይዛ መጣች። በአሜሪካ፣ እነሱ ፌብሩዋሪ በሚሉት ወር፣ የጥቁሮች ታሪክ በየትምህርት ቤቱ ይታወሳል። እያንዳንዱ ተማሪ የአንድ ሰው ታሪክ አጥንቶ ለክፍል ጓደኞቹ እንዲናገር ታዟል። ማርቲን ሉተር ኪንግንና ሮዛ ፓርክስን ሌሎች ልጆች ቀድመው ስለወሰዷቸው ለእሷ የደረሳት እኔ ሰምቼው የማላውቅ ስም ነበር፤ ሴፕቲማ ክላርክ።

«እማማ፣ ታውቂያታለሽ?»

«አላውቃቸውም የኔ ልጅ። ምን የሠሩ ሴት ናቸው?»

ወረቀቷን አገላብጣ አየችና «አስተማሪ ነበረች። ትልልቅ ሰዎችን ማንበብ አስተማረች። ከሥራ አባረሯት» አለችኝ።

ያን ማታ ከቤተ መጻሕፍት ያመጣችውን መጽሐፍ አብረን ጀመርን። እሷ ሁለት ገጽ እንዳነበበች እንቅልፍ ወሰዳት፤ እኔ ግን ሕፃኑ ለጡት እስኪነቃ ድረስ መጽሐፉን አላስቀመጥኩም። በኋላም ስለ እኚህ ሴት ያገኘሁትን ሁሉ አነበብኩ። በነርስነት ከሠላሳ ዓመት በላይ ሠርቼ ጡረታ ከወጣሁ አምስት ዓመቴ ነው። «ከእንግዲህ ለምን እጠቅማለሁ?» የሚለውን ጥያቄ ለማንም ሳልናገር ይዤው እዞር ነበርና ታሪካቸው ያዘኝ። ለእናንተ ለወላጆችና ለአያቶችም ላካፍላችሁ ብዬ ብዕር አነሳሁ። ዓመተ ምሕረቶቹን የጻፍኳቸው እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ነው።

መጽሐፍ ተሸካሚው አባት

ወይዘሮ ሴፕቲማ የተወለዱት በ1898 በደቡብ ካሮላይና ግዛት፣ ቻርልስተን በተባለች የወደብ ከተማ ነው። አባታቸው ፒተር ፖይንሴት በባርነት የተወለዱ ሰው ነበሩ። በልጅነታቸው ከሥራቸው አንዱ የጌታቸውን ልጆች መጽሐፍ ተሸክሞ ትምህርት ቤት ድረስ መውሰድ፣ ውጭ ቆይቶ ደግሞ ተሸክሞ መመለስ ነበር። የመጽሐፉን ክብደት ያውቁታል፤ ውስጡ ያለውን ግን አያውቁም። ባርነት ቀርቶ ቤተሰብ ከመሠረቱ በኋላ ረጋ ያሉ፣ ቁጣ የማያውቁ አባት ሆኑ። ልጅ የሚገርፉት በአንድ ጥፋት ብቻ ነበር፤ ትምህርት ቤት አልሄድም ያለ እንደሆነ።

እናታቸው ቪክቶሪያ ሌላ ዓይነት ሰው ናቸው። በሄይቲ ያደጉ፣ ኩሩ፣ የሰው ልብስ እያጠቡ ስምንት ልጆች ያሳደጉ፣ ነገር ግን አንገታቸውን ለማንም የማይደፉ። አንድ ቀን ፖሊስ ወደ ቤታቸው ሲመጣ በረንዳው ላይ ቆመው እንዳታልፍ ብለው መልሰውታል። በዚያ ዘመን፣ በዚያ አገር፣ ጥቁር ሴት ነጭ ፖሊስን እንዲህ መናገሯ ቀላል ነገር አልነበረም። ልጃቸው በኋላ ትዕግሥቱን ከአባታቸው፣ ድፍረቱን ከእናታቸው እንደወሰዱ ይናገሩ ነበር።

ወይዘሮ ሴፕቲማ የጎረቤት ልጆች እየጠበቁ የትምህርት ቤት ክፍያቸውን ችለው፣ አቬሪ በተባለው ትምህርት ቤት ለመምህርነት የሚያበቃውን ትምህርት በ1916 ጨረሱ። ዕድሜያቸው 18 ነበር። ይሁን እንጂ በቻርልስተን ከተማ የመንግሥት ትምህርት ቤቶች ጥቁር መምህር አይቀጠርም፤ የጥቁር ልጆችን እንኳ የሚያስተምሩት ነጮች ናቸው። ስለዚህ በጀልባ ጆንስ ደሴት ወደተባለ ገጠር ሄዱ።

እዚያ ከአንዲት ሌላ መምህርት ጋር ሆነው 132 ልጆች ተረከቡ። ርእሰ መምህርነቱንም ደርበው በወር 35 ዶላር ይከፈላቸዋል፤ ጓደኛቸው 25። ከመንገዱ ማዶ የነጮች ትምህርት ቤት አለ። ተማሪዎቹ ሦስት፣ የመምህርቷ ደመወዝ 85 ዶላር።

ሰሌዳ የለም፣ መጽሐፍ የለም። ወይዘሮ ሴፕቲማ የታጠበ ልብስ ከላውንደሪ የሚመጣበትን የወረቀት ከረጢት ግድግዳ ላይ እየለጠፉ፣ ልጆቹ ስለ ዛፉ፣ ስለ እንስሳው፣ ስለ ቤታቸው በአፋቸው የነገሯቸውን ወሬ ጻፉበት። ልጆቹ መጀመሪያ ማንበብ የተማሩት የገዛ ራሳቸውን ቃል ነው። ማታ ማታ ደግሞ አዋቂዎች ይመጡባቸው ጀመር። በደሴቱ እንደኛ ዕድር ያለ መረዳጃ ማኅበር ነበርና አንዳንድ ወንዶች ማኅበርተኛው ፊት ቆመው ለመናገር፣ ጽሑፉንም አይተው ለማንበብ ፈለጉ። የ18 ዓመቷ መምህርት አባቶቻቸው የሚሆኑ ሰዎችን ፊደል ማስቆጠር የጀመሩት እንዲህ ነው።

እኔን እንደ ጤና ባለሙያ የነካኝ ሌላ ነገር አለ። በደሴቱ የነበሩ እናቶች ሕፃናታቸውን እርሻ ይዘው ሄደው ከማሳው ዳር አስተኝተው ነበር የሚውሉት፤ ዝንቡም ትንኙም እዚያው ነው። ወይዘሮ ሴፕቲማ ፊደልንና ጤናን ለያይተው ማየት ያቆሙት ያኔ ይመስለኛል። የተማሪያቸውን ቤት ሳያዩ አያስተምሩም ነበር።

ከቤት ቤት

በ1919 ወደ ቻርልስተን ተመልሰው ኤንኤኤሲፒ በሚል ምህጻር የሚታወቀውን የጥቁሮች መብት ተከራካሪ ማኅበር ተቀላቀሉ። የመጀመሪያው ዘመቻቸው ጥቁር መምህራን በከተማዋ ትምህርት ቤቶች እንዲቀጠሩ ፊርማ ማሰባሰብ ነበር። ከቤት ቤት፣ ከበር በር እየዞሩ ከሌሎች ጋር በሺዎች የሚቆጠር ፊርማ ሰበሰቡ። በዓመቱ፣ በ1920፣ ሕጉ ተለወጠ። እዚህ ላይ ልብ በሉልኝ፤ ንግግር አላደረጉም፣ ሰልፍ አልመሩም። በር አንኳኩ።

በዚያው ዓመት ኔሪ ክላርክ የተባለ የባሕር ኃይል ባልደረባ አገቡ። ከዚህ በኋላ ያለው የሕይወታቸው ክፍል ለማንበብ የሚከብድ ነው። የመጀመሪያ ልጃቸው ወር ሳይሞላት ሞተች። በ1925 ወንድ ልጅ ወለዱ፤ ዓመቱ ሳይወጣ ባላቸው በኩላሊት ሕመም አረፉ። በ27 ዓመታቸው ጨቅላ ይዘው ብቻቸውን ቀሩ። የመምህርነት ደመወዛቸው እሳቸውንና ልጁን የሚያኖር አልነበረም። ልጁን ለባላቸው ወላጆች ሰጡ፤ ያሳደጉት አያቶቹ ናቸው። ወይዘሮ ሴፕቲማ ዳግመኛ አላገቡም።

ይህን ለልጅ ልጄ ስነግራት «ለምን ሰጠችው?» አለችኝ። መልሱ ቶሎ አልመጣልኝም። ይህን ጋዜጣ ከምታነቡ አያቶች መካከል ልጆቻችሁ ዓረብ አገር ወይም ሌላ ቦታ ለእንጀራ ሄደው የልጅ ልጅ የምታሳድጉ አላችሁ። መልሱን ከእኔ ይልቅ እናንተ ታውቁታላችሁ። ስለ ትልልቅ ሰዎች ስንጽፍ የከፈሉትን ብቻ ሳይሆን ሌላ ሰው የከፈለላቸውንም ብንጽፍ ጥሩ ነው። ያን ልጅ ያሳደጉ አያቶች ባይኖሩ የዚህ ታሪክ ቀሪው ክፍል አይኖርም ነበር።

በ1929 ወደ ግዛቲቱ ዋና ከተማ ወደ ኮሎምቢያ ሄደው 18 ዓመት ያህል አስተማሩ። ክረምት ክረምት እየተማሩ በ1942 የመጀመሪያ፣ በ1946 ሁለተኛ ዲግሪያቸውን ያዙ፤ 48 ዓመታቸው ነበር። ጥቁርና ነጭ መምህራን እኩል ደመወዝ እንዲከፈላቸው በ1945 በፍርድ ቤት የተገኘው ድልም የእሳቸው ድካም አለበት። በ1947 እናታቸው ስትሮክ ሲመታቸው ሁሉን ትተው ሊያስታምሙ ወደ ቻርልስተን ተመለሱ።

726 ደብዳቤ

በ1954 ሃይላንደር ወደተባለ ቦታ ሄዱ። ቴነሲ ግዛት ተራራ ላይ ያለ፣ ማይልስ ሆርተን የሚባሉ ነጭ የመሠረቱት የጎልማሶች ማሠልጠኛ ነው። ጥቁርና ነጭ በአንድ ማዕድ የሚበሉበት፣ በአንድ ጣሪያ ሥር የሚያድሩበት ቦታ፣ በዚያ ዘመን ሕጉ የሚከለክለው። በ1955 ክረምት ወይዘሮ ሴፕቲማ እዚያ በመሩት ሥልጠና ላይ ከአላባማ ግዛት አንዲት ዝምተኛ ልብስ ሰፊ ተገኙ፤ ሮዛ ፓርክስ። በከተማቸው በሞንትጎመሪ ሰው ተባብሮ ይነሳል ብለው አያምኑም ነበር። ጥቂት ወራት ቆይተው፣ በታኅሣሥ 1 ቀን፣ በአውቶቡስ ውስጥ ከመቀመጫዬ አልነሳም ያሉት እሳቸው ናቸው። የቀረውን ዓለም ያውቀዋል።

በ1956 ደቡብ ካሮላይና የመንግሥት ሠራተኛ የኤንኤኤሲፒ አባል እንዳይሆን የሚከለክል ሕግ አወጣች። ወይዘሮ ሴፕቲማ አባልነታቸውን አልደብቅም አሉ። 40 ዓመት ካስተማሩ በኋላ ከሥራ ተባረሩ፤ ጡረታቸውንም ተነጠቁ። ዕድሜያቸው 58 ነበር።

ለ726 ጥቁር መምህራን ደብዳቤ ጻፉ፤ ሕጉን አብረን እንቃወም የሚል። የመለሱላቸው 26 ብቻ ናቸው። የሴቶች ማኅበራቸው የክብር ዝግጅት ሲያደርግላቸው እንኳ ብዙዎቹ አባላት አብረዋቸው ፎቶግራፍ መነሳት ፈሩ፤ ፎቶው እጃቸው ላይ ቢገኝ እነሱም እንጀራቸውን ያጣሉና።

ይህን ሳነብ በእነዚያ መምህራን ተናድጄ ነበር። ወይዘሮ ሴፕቲማ ግን አልተናደዱም። ይህን ነገር በኋላ ሲያስታውሱት ከሕይወታቸው ውድቀቶች እንደ አንዱ ቆጥረውታል፤ ጥፋቱንም በራሳቸው ላይ ነው የጣሉት። ሰዎቹን ላልተዘጋጁበት ነገር ገፋኋቸው፤ አስቀድሜ ማሠልጠንና ራሳቸው እንዲያስቡበት ማድረግ ነበረብኝ አሉ። ከዚያ በኋላ የሠሩት ሁሉ ከዚህ ትምህርት የተወለደ ነው።

ከሱቁ ጀርባ

ሃይላንደር ለሥልጠናው ኃላፊ አድርጎ ቀጠራቸው። ከዚያ በፊት ወደ ማሠልጠኛው ካመጧቸው ሰዎች አንዱ ኢሳው ጄንኪንስ ይባላሉ፤ በጆንስ ደሴት የቀድሞ ተማሪያቸው ናቸው። ጄንኪንስ የአውቶቡስ ባለቤት ነበሩ፤ የደሴቱን ሰው ጠዋት ጠዋት ቻርልስተን ወደ ሥራ ያደርሳሉ። በደቡብ ካሮላይና በመራጭነት ለመመዝገብ ከግዛቲቱ ሕገ መንግሥት አንድ ክፍል ማንበብ ግዴታ ነው፤ አለዚያም 300 ዶላር የሚያወጣ ግብር የተከፈለበት ንብረት ያስፈልጋል። አሊስ ዋይን የተባሉ ተሳፋሪ ሕጉን በቃላቸው አጥንተው እያዩ እንደሚያነቡ ሆነው ተመዘገቡ። ግን ይህ ውስጣቸውን አላስደሰተውም። በእውነት ማንበብ ፈለጉ።

ጄንኪንስና ጓደኞቻቸው ከሃይላንደር 1,500 ዶላር ተበድረው አሮጌ የትምህርት ቤት ሕንፃ ገዙ። የፊቱን ክፍል የኅብረት ሱቅ አደረጉት፤ ከጀርባ ያሉትን ክፍሎች መማሪያ። የሚያልፍ ነጭ ባለሥልጣን የሚያየው ስኳርና ዱቄት ሲሸጥ ነው። በጥር 1957 ትምህርቱ በ14 አዋቂዎች ተጀመረ።

አስተማሪዋ ማን ሆኑ? ወይዘሮ ሴፕቲማ የአጎት ልጃቸውን በርኒስ ሮቢንሰንን መረጡ፤ ፀጉር ሠሪና ልብስ ሰፊ ናቸው። በርኒስ ማስተማር አልችልም ብለው ነበር። የተመረጡት ግን በምክንያት ነው። የተማረ መምህር ያልተማረውን ከላይ ሊያየው ይችላል፤ ፀጉር ሠሪ ግን ሥራዋ ሰው መስማት ነው። ደግሞም ደንበኞቿ ጥቁሮች ስለሆኑ ማንም ነጭ ከሥራ ሊያባርራት አይችልም።

በርኒስ የመጀመሪያው ቀን የልጆች መማሪያ ይዘው ሄዱ፤ ለትልቅ ሰው እንደማይሆን ወዲያው ገባቸውና ተዉት። ተማሪዎቻቸውን ምን መማር ትፈልጋላችሁ ብለው ጠየቁ። መልሱ ሕገ መንግሥት አልነበረም። ስማችንን መጻፍ፤ ርቆ ያለ ልጃችን የላከውን ደብዳቤ ማንበብ፤ በፖስታ ዕቃ ማዘዣ ቅጽ መሙላት፤ መጽሐፍ ቅዱስ ማንበብ። ከዚያ ጀመሩ። የእያንዳንዱን ሰው ስም በካርቶን ላይ ጽፈው እጁ እስኪለምደው ድረስ በላዩ እንዲሄድበት አደረጉ። ዕድሜ ልካቸውን ማረሻና መቆፈሪያ የጨበጡ እጆች እርሳሱን አጥብቀው ይዘው ይሰብሩት ነበር። ይሰበራል፣ ሌላ ይሰጣቸዋል። በሳምንት ሁለት ማታ፣ እርሻ በማይሠራበት በክረምቱ ብርድ፣ ሁለት ወይም ሦስት ወር። ሕገ መንግሥቱ የመጣው በመጨረሻ ነው። ሲጨርሱ ወደ ምዝገባ ጽሕፈት ቤቱ ሄደው አነበቡ፤ ስማቸውን ፈረሙ።

እዚህ ላይ መጽሐፉን ዘግቼ ቁጭ አልኩ። አንዲት እናት ትዝ አለችኝ።

ወጣት ነርስ ሳለሁ በአንድ ጤና ጣቢያ ልጇን ይዛ መጣች። ሽሮፕ ሰጠኋትና ስንት ማንኪያ በቀን ስንቴ እንደምትሰጠው ወረቀት ላይ ጻፍኩላት። «ገባሽ?» አልኳት። «እሺ እትዬ» አለችኝ። ሰልፉ ረጅም ነበር፤ ቀጣዩን ጠራሁ። በአራተኛው ቀን ልጁ ብሶበት ተመለሰች። ወረቀቱን ማንበብ አልቻለችም፤ የምትጠይቀውም ሰው አልነበራትም። በግምት ሰጥታዋለች። ሰው በተሰበሰበበት ጮህኩባት። «ማንበብ አልችልም አትይም ነበር?» አልኳት። እሷ አንገቷን ደፋች። ልጁ እግዚአብሔር ይመስገን ዳነ። እናቲቱ ግን ከዚያ ወዲያ እኔ ወዳለሁበት ክፍል ስትመጣ አላየሁም።

ለዓመታት ጥፋቱ የእሷ ይመስለኝ ነበር። ያቺ ፀጉር ሠሪ በመጀመሪያው ማታ የጠየቁትን ጥያቄ ግን እኔ በሠላሳ ዓመት ስንቴ ጠየቅሁ? «ገባሽ?» ማለት ጥያቄ አይደለም። ሰው «እሺ» እንዲለን የምንጠቀምበት ነው። በቤታችንም ልጆቻችንን ይህንኑ እንጠይቃለን።

ከ61 ዓመት በኋላ እስር ቤት

በሐምሌ 31 ቀን 1959 ማታ ፖሊስ ሃይላንደርን ወረረ። በ61 ዓመታቸው ወይዘሮ ሴፕቲማን አሰሩ። ክሱ ውስኪ ይዘው ተገኝተዋል የሚል ነበር፤ መጠጥ የማይቀምሱትን ሴት። ክሱ በኋላ ተቋረጠ፤ ማሠልጠኛው ግን ፈቃዱን ተነጠቀ። የወይዘሮ ሴፕቲማ የዜግነት ትምህርት ቤቶች በ1961 ማርቲን ሉተር ኪንግ ወደሚመሩት የደቡብ ክርስቲያን አመራር ጉባኤ ተዛወሩ።

ከዚያ ወዲያ ሥራው ሰፋ። በጆርጂያ ግዛት ዶርቸስተር በተባለ ቦታ ከየገጠሩ የመጡ ሰዎች ለአምስት ቀን ያህል ይሠለጥናሉ። ዲግሪ አይጠየቁም። ጮክ ብሎ ማንበብ የሚችል፣ በሰሌዳ ላይ በሚነበብ ጽሑፍ የሚጽፍ ይበቃል። ወደ መንደራቸው ሲመለሱ በወጥ ቤት፣ በፀጉር ቤት፣ በቤተ ክርስቲያን፣ በበጋ ደግሞ በዛፍ ጥላ ሥር ያስተምራሉ። ከ1957 እስከ 1970 ድረስ ወደ 900 የሚጠጉ እንዲህ ያሉ ትምህርት ቤቶች ተከፈቱ። በሚሲሲፒ ጥጥ ለቀማ ዕድሜያቸውን የጨረሱት ፋኒ ሉ ሄመር አንዷ ሠልጣኝ ናቸው። በሰኔ 1963 ከእንዲህ ያለ ሥልጠና ሲመለሱ ተይዘው እስር ቤት ውስጥ ክፉኛ ተደበደቡ። በዓመቱ በዴሞክራቲክ ፓርቲ ጉባኤ ላይ ቀርበው የደረሰባቸውን ለመላ አሜሪካ በቴሌቪዥን ተናገሩ።

በራሱ በንቅናቄው ውስጥም ሁሉ ነገር የተመቸ አልነበረም። ወይዘሮ ሴፕቲማ የድርጅቱ የቦርድ አባል ነበሩ፤ ይህች ሴት እዚህ ምን ትሠራለች ብለው ደጋግመው የጠየቁ ወንዶች ነበሩ። አንድ ጊዜ ለዶክተር ኪንግ ደብዳቤ ጻፉ። በየከተማው ሰልፉን ሁሉ እርስዎ ባይመሩ ይሻላል፤ ሌሎች መሪዎች እንዲያድጉ ዕድል ይስጧቸው የሚል። ደብዳቤው በስብሰባ ላይ ሲነበብ ሰዎቹ ሳቁ። ወይዘሮ ሴፕቲማ ለዶክተር ኪንግ የነበራቸው አክብሮት አልቀነሰም፤ በ1964 ለኖቤል የሰላም ሽልማት ወደ ኦስሎ ሲሄዱ ከተጓዦቹ አንዷ ነበሩ። ነገር ግን የደብዳቤው ሐሳብ ልክ ነበር ብዬ አምናለሁ። ዶክተር ኪንግ በ1968 ሲገደሉ፣ በየመንደሩ በሥልጠናው ያለፉት ሰዎች ሥራቸውን አላቆሙም።

በ1965 የወጣው የመምረጥ መብት ሕግ ያን የማንበብ ፈተና አስቀረው። በዚያው ዓመት፣ ይኸው ንቅናቄ በፈጠረው መንፈስ፣ ስደተኛን በትውልድ አገሩ ኮታ የሚለየው ሕግም ተሻረ። ዛሬ አትላንታ ውስጥ እንጀራ ጋግረው፣ ታክሲ ነድተው፣ ሆስፒታል ሠርተው ልጆቻቸውን የሚያሳድጉ ወገኖቻችን የገቡበት በር የተከፈተው ያኔ ነው። ልጄ ምርጫ ስትሄድ ማንም ሕገ መንግሥት አንብቢ አይላትም። ለምን እንደማይላት ግን ልጇ ያን የቤት ሥራ ይዛ እስክትመጣ ድረስ እሷም እኔም አናውቅም ነበር።

መመለስ

ወይዘሮ ሴፕቲማ በ1970 በ72 ዓመታቸው ከድርጅቱ ጡረታ ወጡ፤ ከሥራ ግን አልወጡም። በ1970ዎቹ አጋማሽ የቻርልስተን ሕዝብ የትምህርት ቦርድ አባል አድርጎ መረጣቸው። በ58 ዓመታቸው ያባረራቸው የትምህርት አስተዳደር ላይ ተቀምጠው ድምፅ ሰጡ ማለት ነው። በ1976 የግዛቲቱ ገዥ የተፈጸመባቸው በደል መሆኑን አምነው ጡረታቸው እንዲከፈላቸው ተደረገ። 20 ዓመት የዘገየ ጡረታ። በ1979 ፕሬዚዳንት ካርተር ሸለሟቸው። በ1986 የታተመው የሕይወት ታሪካቸውም በማግስቱ ዓመት ሽልማት አገኘ። በታኅሣሥ 1987 በ89 ዓመታቸው ጆንስ ደሴት ላይ አረፉ፤ በ18 ዓመታቸው በጀልባ የሄዱበት ደሴት።

የልጅ ልጄ ክፍል ፊት ቆማ ስትናገር እኔ አልነበርኩም፤ እናቷ በስልክ ቀርጻ አሳየችኝ። በካርቶን ላይ የራሷን ስም በእንግሊዝኛና በአማርኛ ጽፋ ይዛ ነበር የወጣችው። አማርኛውን ያስጻፍኳት እኔ ነኝ፤ በላዩ በእርሳስ እየሄደች።

አዲስ አበባ ከተመለስኩ በኋላ ቤቴ የምትሠራውን ልጅ አንድ ማታ ቡና እየጠጣን «ማንበብ ብትችይ መጀመሪያ ምን ማንበብ ትፈልጊያለሽ?» አልኳት። አራት ዓመት አብራኝ ስትኖር ጠይቄያት አላውቅም። ትምህርት ቤት ላስገባሽ ብያት «እሺ እትዬ» ብላኝ ሳትሄድ ቀርታለች፤ እኔም ሰነፍ ናት ብዬ ትቼው ነበር። አሁን ግን ጥቂት ዝም አለችና ስልኳን አወጣች። ስልኳ ላይ ስም የለም። የእናቷን ቁጥር የምታውቀው በመጨረሻዎቹ ሁለት አሃዞች ነው፤ የእህቷን ደግሞ በሌላ። «የእናቴን ስም እዚህ ላይ መጻፍ» አለችኝ።

ከእናቷ ስም ጀመርን። ማክሰኞና ሐሙስ ማታ፣ እራት ከተነሳ በኋላ። በመጀመሪያው ሳምንት ሁለት እርሳስ ሰበረችና ይቅርታ ጠየቀችኝ። ሦስተኛውን ሰጠኋት።